«የንጉሥ አልፍሬድ ሽልንግ» የሚባል ሳንቲም የለም!

ዛሬ ሱቅ አንድ ወንድማችን ሳጥን ከፍቶ ሲያሳየኝ ደሜ ፈላ። ከፋይ ላይ የተቀመጠ ወፍራም ድቡልቡል ብር፣ ከጎኑ የወርቅ ቀለም ማኅተም ያለበት ምስክር ወረቀት፦ «የንጉሥ አልፍሬድ ሽልንግ»። ለልጁ ምረቃ ነው የገዛው። እናንተም እንዳትሸወዱ በችኮላ ልጻፈው።

1ኛ. በአልፍሬድ ዘመን በአንግሎ ሳክሰን እንግሊዝ ሽልንግ የሒሳብ መለኪያ እንጂ በእጅ የሚያዝ ሳንቲም አልነበረም። እኛ ሀምሳ ሳንቲሙን ሽልንግ እያልን ስላደግን ሳንቲም ቢመስለን አይገርመኝም። ካሳ በሽልንግ ይፈረዳል፣ ተቆጥሮ የሚከፈለው ግን የብር ፔኒ ነው፤ በዌሴክስ ግዛት 5፣ በመርሲያ ግዛት 4 ፔኒ አንድ ሽልንግ ይባላል። ፓውንዱም 240 ፔኒ ማለት ነው። የዌሴክሱ ንጉሥ አልፍሬድ የሞተው እ.ኤ.አ. በ899 ነው፤ ሽልንግ የሚያወጣ ሳንቲም የተመታው ደግሞ በንጉሥ ሄንሪ 7ኛ ዘመን፣ ከ600 ዓመት ገደማ በኋላ!

2ኛ. እውነተኛው ፔኒ ስስ ነው፣ 2 ግራም አይሞላም። በሁለት ቅርጽ መካከል ተደርጎ በመዶሻ የተመታ ነው። የሰውየው 7 ግራም መዘነ፤ ጠርዙን በማጉያ ሳየው ቀልጦ የፈሰሰበት ቅርጽ የተጋጠመበት መስመር ዙሪያውን ይሄዳል፣ ፊቱ ላይም የአየር ቀዳዳዎች አሉ። ይህን ለማየት ባለሙያ መሆን አያስፈልግም።

3ኛ... የምር የሚያናድደኝ ወረቀቱ ነው። የፈረመው ማን ነው? ጭረት ብቻ። በዚያ ዘመን እኮ ሳንቲም መቺው ስሙን በፔኒው ጀርባ ያስቀርጽ ነበር፤ በ973 ገደማ ንጉሥ ኤድጋር ገንዘቡን ሲያስተካክል የከተማው ስም አብሮ እንዲገባ ተደረገ። ብሩ ቢጎድል ማን ዘንድ እንደሚኬድ ይታወቃል። በንጉሥ አቴልስታን ሕግማ ያጭበረበረ መቺ እጁ ተቆርጦ መምቻ ቤቱ ላይ ይሰቀላል። የዛሬው አታሚ ግን ማኅተሙን መትቶ ገንዘቡን ቆጥሮ ይሄዳል። አቤት የሚባልበት መሥሪያ ቤት ተደወለ፦ «መጀመሪያ ለሻጩ ይጻፉ»። ሻጩ ኢሜይል እንጂ አድራሻ የለውም! ሙዚየም ተጠየቀ፦ «በዋጋና በሽያጭ ጉዳይ አስተያየት አንሰጥም»። ታዲያ ማን ይናገር?

ደግሞ በተቃራኒው እውነተኛውን «ተሰብሯል» ብለው በርካሽ የሚሸጡ አሉ። ግማሽና ሩብ ፔኒ ስታዩ አትናቁት፤ ዝርዝር ሲጠፋ ፔኒውን ለሁለት ወይም ለአራት ይቆርጡት ነበር። ትንንሽ ጭረትና የመወጋት ምልክትም ጉዳት አይደለም፤ ቫይኪንጎች ብሩ ንጹሕ መሆኑን በቢላ ጫፍ ሲፈትኑ የተዉት ነው። በ991 ብቻ 10,000 ፓውንድ ግብር ተከፍሏቸዋል፤ 2.4 ሚሊዮን ፔኒ አስቡት። የያኔው ንጉሥ የኤቴልሬድ ፔኒ በስካንዲኔቪያ አፈር ውስጥ በብዛት የሚገኘው ወዶ አይደለም።

ጥያቄ ያለው ክብደቱንና የጠርዙን ፎቶ ይላክልኝ። በሎሚና በሶዳ ፈትጋችሁ አብለጭልጫችሁ የምትልኩልኝ ግን፣ የእናንተን ጉዳይ ነገ ለብቻው እመጣበታለሁ።