የመድረክ ዳኛና የችሎት ዳኛ

ሳዑዲ ዓረቢያ፣ ደማምና ኾበር የሚኖር ሐበሻ ከሕንድ ኬረላ የመጣ ጎረቤት ወይም የሥራ ባልደረባ አያጣም። ጥር ላይ ስልካቸው ላይ አቀርቅረው ካያችኋቸው ኳስ ነው ብላችሁ አትደምድሙ፤ የአገራቸው የተማሪዎች የኪነ ጥበብ ውድድር፣ ካሎልሳቫም፣ ሊሆን ይችላል። የዚህ ውድድር ክርክር ከመድረክ አልፎ ፍርድ ቤት በመድረስ ይታወቃል።

ውድድሩ የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ1957 ኤርናኩላም ውስጥ፣ ኬረላ ክፍለ ግዛት ሆና በተመሠረተች በጥቂት ወራት ነው። ታላቁ ዘፋኝ ዬሱዳስ በ1958 አሸንፎበታል። ማጣሪያው ከትምህርት ቤት ተነሥቶ በወረዳና በአውራጃ በኩል እስከ ክፍለ ግዛት ይደርሳል። ጣጣው የሚመጣው አውራጃ ላይ ነው፤ ከ14ቱ አውራጃዎች ወደ መጨረሻው መድረክ የሚያልፈው በመደበኛው አንደኛ የወጣው ብቻ ነው። ሞሂኒያታም በተባለው የኬረላ ዳንስ በግማሽ ነጥብ ሁለተኛ የሆነች ተወዳዳሪ ቤተሰቧ ለአስተማሪ፣ ለልብስና ለጌጥ ያወጣው ገንዘብ እዚያው ይቀራል። በዚያ ላይ «ኤ» ያገኘ ተማሪ በፈተና ውጤቱ ላይ ማርክ ይጨመርለታል። ስለዚህ ጠቡ የዳንስ ብቻ አይደለም።

ቅር ያለው መጀመሪያ ከፍሎ ለይግባኝ ኮሚቴ ያመለክታል። ውድቅ ከተደረገበት ፍርድ ቤት ይሄዳል። ፍርድ ቤቶች በመርሕ ደረጃ የመድረክ ዳኛን ነጥብ ደግመው አይሰጡም፤ የሚመረምሩት ደንብ መጣሱን፣ አድልዎ መኖሩን ነው። የተወዳዳሪዋ የፊት ገጽታ ያምር ነበር ወይስ አያምርም ነበር የሚለው የችሎት ጉዳይ አይደለም። ነገር ግን ውድድሩ ደርሶ ጊዜ ሲያጥር «ለጊዜው ትወዳደር» የሚል ትዕዛዝ ይሰጣል። ዋናው ክስ እስኪታይ መድረኩ ይፈርሳል። በእኔ አስተያየት የነገሩ ቁልፍ ይኸው ጊዜያዊ ትዕዛዝ ነው፤ ጠበቃ መያዝ የቻለ ቤተሰብ ተጨማሪ ማጣሪያ እንደ ገዛ ይቆጠራል። በይግባኝ የሚገባው እየበዛ ፕሮግራሙ እስከ ሌሊት ሲጓተት አዘጋጆቹ ገንዘብ ማስያዝን ግዴታ አደረጉ፤ ያስያዘው ገንዘቡ የሚመለስለት በአውራጃው አንደኛ የነበረውን ከበለጠ ነው።

ትዕዛዙ ዋጋ ካለው አስመሳይ አያጣም። በ2018 ትሪሱር ላይ በተካሄደው ውድድር የሕፃናት መብት ኮሚሽን ያወጣው የሚመስል ሐሰተኛ ትዕዛዝ ተገኝቶ የዳንስ አስተማሪዎች ታስረዋል።

የኬረላ ከፍተኛ ፍርድ ቤትም የታከተው ይመስላል። በታኅሣሥ 2022 ዳኛ ቪ. ጂ. አሩን አቤቱታዎችን ውድቅ ሲያደርጉ ወላጆች ልጆቻቸውን ሽንፈትን እንዲቀበሉ ማዘጋጀት አለባቸው ብለዋል። በ2025 መባቻ ደግሞ ፍርድ ቤቱ መንግሥት ለእነዚህ ክርክሮች ራሱን የቻለ ጉባኤ ማቋቋምን እንዲያስብበት ጠየቀ። ሐሳቡ ደግ ነው፤ ጉባኤው ግን ፈጣን መሆን ይኖርበታል፤ የመጨረሻው ውድድር የሚቆየው አምስት ቀን ነው።