ከፀሐይ ሥራ በኋላ ምን እንብላ?

ከመካከላችን በግንባታ፣ በእርሻ፣ በከብት ጥበቃ፣ ግቢና መኪና በማጠብ ፀሐይ ላይ የሚውለው ብዙ ነው። ማታ ድካሙ ሲጥለን ሻይ ብቻ ጠጥተን እንጋደማለን። አንዳንዶቻችን ደግሞ ለአገር ቤት የሚላከው እንዳይጎድል ብለን ከእራታችን እንቆጥባለን። ነገር ግን ቤተሰብ የሚረዳው ይኸው ሰውነት ነው። የወጣበትን ማታ ካልመለስንለት ጠዋት ጎድሎት ይነሳል።

ፀሐይ ላይ ስንሠራ የምናጣው ሦስት ነገር ነው።

1. ውኃና ጨው። ልብስ ላይ ደርቆ ነጭ ሆኖ የሚታየው ከላባችን የወጣ ጨው ነው። ስለዚህ ብዙ ካላበን በኋላ ውኃ ብቻውን አይበቃም፤ ሾርባ፣ ወጥ ወይም ጨው ጣል የተደረገበት ለበን ይጨመርበት። ሥራ ላይ ሳላችሁ ጥም እስኪመጣ አትጠብቁ፤ በየ15 እና 20 ደቂቃው አንድ ብርጭቆ ውኃ ጠጡ። ሽንታችሁ ከጠቆረ ውኃ ጎድሏችኋል ማለት ነው። የደም ግፊት ወይም የኩላሊት ሕመም ያለበት ግን ስለ ጨው ሐኪም ይጠይቅ።

2. ጉልበት። ጡንቻ ያጠራቀመውን ስኳር በሥራ ይጨርሳል። እንደገባችሁ እራት እስኪደርስ ሦስት አራት ተምር ወይም ሙዝ ከውኃ ጋር ብሉ። ከዚያ ሩዝ፣ ዳቦ ወይም ድንች። ኢነርጂ ድሪንክ የሚባለው ድካሙን ለጊዜው ይሸፍነዋል እንጂ አያስወጣውም።

3. ጡንቻን የሚጠግን ምግብ። አንድ እንቁላል ወደ 6 ግራም ፕሮቲን አለው። ቱና፣ ዶሮ፣ ወተትም ጥሩ ነው። በጾም ቀን ምስር፣ ሽሮ፣ ፉል፣ ሽንብራና ኦቾሎኒ አሉልን። ጥራጥሬው ከሩዝ ወይም ከዳቦ ጋር ሲበላ አንዱ የሌላውን ጉድለት ይሞላል፤ ዋጋውም አይከብድም።

እስከ ከሰዓት ምግብና ውኃ ሳትቀምሱ የምትጾሙ፣ በከባድ ሙቀት የምትሠሩ ከሆነ ስለ ሰዓቱ ከንስሐ አባታችሁ ጋር ተመካከሩ። ዝም ብሎ ራስን መጣል አያስፈልግም።

አንድ ነገር ግን አትርሱ። ፀሐይ ላይ የነበረ ሰው ከተቀባዠረ፣ ከወደቀ ወይም ራሱን ከሳተ ጉዳዩ የምግብ አይደለም። አምቡላንስ ጥሩ፤ ወደ ጥላ ወስዳችሁ ልብሱን አላሉለት፣ ሰውነቱን በውኃ እያራሳችሁ አራግቡለት። ራሱን ለሳተ ሰው ምንም አታጠጡ።

ለውይይት፦ አብረን የምንኖር ሰዎች ብር አዋጥተን፣ ተራ ገብተን አንድ ድስት ምስር ብናበስል ምን ያስቸግረናል? ብቻውን ሆኖ፣ ደክሞት ሳይበላ የሚተኛውን ማን ያስታውሰው?