የሜክሲኮን ነባር ሕዝቦች ታሪክ ማን ይጻፍ?

በ1946 በካን የፊልም ፌስቲቫል ከተሸለሙት ፊልሞች አንዱ የሜክሲኮው «ማሪያ ካንዴላሪያ» ነበር። የሜክሲኮ ሲቲ አካል የሆነችውን የሶቺሚልኮን ድሃ የነባር ሕዝብ ልጅ ሆና የተጫወተችው ከሆሊውድ የተመለሰችው ኮከብ ዶሎሬስ ዴል ሪዮ ናት፤ የዱራንጎ ሀብታሞች ልጅ። በ1957 ደግሞ ፔድሮ ኢንፋንቴ በ«ቲሶክ» ፊልም የዋሃካ ግዛት ተራሮች ሰው ሆኖ በመተወኑ የበርሊን ፊልም ፌስቲቫል የብር ድብ ሸለመው፤ ያኔ በሕይወት አልነበረም። ሁለቱም ትልቅ ተዋንያን ናቸው። የተጻፈላቸው ሰው ግን ስፓኒሽ የሚሰባበርበት፣ አንገቱን የደፋ የዋህ ነው። በ2020 ቆጠራ ከ7 ሚሊዮን የሚበልጡ ሰዎች የነባር ሕዝቦችን ቋንቋ በሚናገሩባት አገር፣ ትውልድ ሁሉ ራሱን እንዲያይ የተሰጠው ይህ ምስል ነበር።

አንሄሌስ ክሩዝ ከዚያው ከዋሃካ፣ ከሚክስቴክ ደጋ የወጣች ተዋናይት ናት። በ1994 «የፑማ ልጅ» በተባለው ፊልም፣ የጓቴማላ ጦር በማያ ሕዝብ ላይ ከፈጸመው ጭፍጨፋ የተረፈች ወጣት ሆና ተጫወተች። የእሷ መልክ ላላቸው ሴቶች በሜክሲኮ ስክሪን የሚደርሳቸው ግን በአብዛኛው የቤት ሠራተኛነት ነው፤ ያውም ስማቸው እንኳ የማይጠራ። ስለዚህ ክሩዝ ብዕር አነሳች። በ2012 በሠራችው አጭር ፊልም፣ ከእናት ወደ ልጅ የሚተላለፈውን የጾታ ጥቃት ዝምታ ገለጠች።

በ2018 «ሮማ» የተባለው ፊልም ሲወጣ፣ በዋሃካ የምትገኘው የትላሂያኮ ተወላጅ ተዋናይት ያሊትሳ አፓሪሲዮ ለኦስካር ታጨች፤ በአገሯ ደግሞ የዘረኝነት ስድብ ወረደባት። ትወናዋ የሚያኮራ ነው። ሆኖም የተሰጣት ሚና የቤት ሠራተኛ፣ ድርሰቱም ዳይሬክተሩ አልፎንሶ ኩዋሮን ባደገበት ቤት ታሪክ ላይ ተመስርቶ የጻፈው ነው። ስለዚህ ክርክሩን «ማን ይተውን?» ላይ ማቆም አይበቃም፤ ዋናው ጉዳይ ማን ይጻፍ ነው።

ልዩነቱን ለማየት የክሩዝን የ2021 ፊልም «ኑዶ ሚክስቴኮ» መመልከት ይበቃል። ባል ለዓመታት ጠፍቶ ሲመለስ ሚስቱ ቻቤላ ከሌላ ሰው ጋር መኖር ጀምራለች። ጉዳዩ ወደ መንደሩ ጉባኤ ይሄዳል፤ ሰዉ ተሰብስቦ በአደባባይ ይከራከርበታል። ክሩዝ መንደሯን አላስዋበችም፤ ወንዶቹ የሴት ሕይወት ላይ ለመወሰን ሲቸኩሉ ታሳያለች፣ ሴቶቹም አፋቸውን ዘግተው አይቀመጡም። ከውጭ የመጣ ጸሐፊ ያንን ጉባኤ ወይ በቅዱስነት ወይ በኋላ ቀርነት ይስለው ነበር። እሷ ግን የምታውቃቸውን ሰዎች ጻፈች።

በ2023 «ቫለንቲና» የተሰኘውን ሁለተኛ ረጅም ፊልሟን አስከተለች፤ አባቷን በሞት ያጣች ሕፃን ታሪክ ነው። የቀረው ትግል ከተመልካች ጋር መገናኘት ነው። የሜክሲኮ ሕግ ሲኒማ ቤቶች ለአገር ውስጥ ፊልም ከማሳያ ጊዜያቸው 10 በመቶ እንዲሰጡ ያዛል፤ ገበያው ግን በሁለት ትልልቅ ኩባንያዎች እጅ ሲሆን አዳራሾቹን በብዛት የሚይዘው የሆሊውድ ፊልም ነው።