ብቻውን ብዙ ሰው የሆነው ተዋናይ

ቤታችሁ ውስጥ ዕድሜያቸው ሃምሳን የተሻገረ ሰው ካሉ፣ «ፍቅር እስከ መቃብርን አንብበውታል?» ብላችሁ ጠይቋቸው። «እንዴታ! በሬዲዮ ነው የሰማሁት» የሚሏችሁ ብዙ ናቸው። መጽሐፉ የሐዲስ ዓለማየሁ ነው፤ የታተመውም በ1958 ዓ.ም. ነው። ሰብለ ወንጌልንና በዛብህን ወደየቤቱ ያስገባቸው ግን የአንድ ተዋናይ ድምፅ ነው፤ የወጋየሁ ንጋቱ።

ወጋየሁ የመድረክ ሰው ነበር። እንደ ደበበ እሸቱ ሁሉ በዩኒቨርሲቲው የኪነ ጥበብ ማዕከል አልፎ፣ ሃንጋሪ ድረስ ሄዶ ሙያውን ተምሯል። የደበበን የወጣትነት መልክ «ሻፍት ኢን አፍሪካ» የተባለው የአሜሪካ ፊልም አስቀርቶልናል። መድረክ ግን እንዲህ ያለ ማስቀመጫ የለውም። መጋረጃው ሲዘጋ ትወናውም ከተመልካቹ ጋር ወደ ቤት ይሄዳል፤ ተመልካቹ ሲያረጅም አብሮ ይደበዝዛል።

ወጋየሁን ከዚህ ያተረፈው ማንም ያላየው ትወናው ነው። በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ዝግጅት ላይ፣ ያለ ልብስና ያለ መብራት፣ አንድ መጽሐፍ ይዞ ማይክሮፎን ፊት ተቀመጠ። በፊታውራሪ መሸሻ ኮራ፣ በጉዱ ካሳ ተቆጣ፣ በሰብለ ወንጌል ተከዘ። አንድ ሰው መሆኑን አድማጩ ረሳው።

ቢቸና ወይም ሞጣ ላደገ ሰው ደግሞ ጉዳዩ የአገር ቤት ወሬ ነው። የማንኩሳው በዛብህ የተማረበት ዲማ ጊዮርጊስ ያለው ቢቸና አካባቢ ነው። ከቢቸና ወደ ሞጣ ሲኬድ ደግሞ ደብረ ወርቅ ይገኛል። ደራሲው ራሳቸው በልጅነታቸው በዲማም በደብረ ወርቅም የቤተ ክህነት ትምህርት ተምረዋል። የጎጃምን ጨዋታና ለዛ በጽሑፍ ያኖሩት እሳቸው ናቸው፤ ጎጃምን ረግጦ ለማያውቅ ሰው ጆሮ ያደረሰው ወጋየሁ ነው።

ወጋየሁ በ1982 ዓ.ም. ገና በጎልማሳነቱ አረፈ። በ1902 ዓ.ም. የተወለዱት ሐዲስ ዓለማየሁ እስከ 1996 ዓ.ም. ኖሩ። ደራሲው አንባቢያቸውን ቀበሩ ማለት ነው። ድምፁ ግን ዛሬም ከስልክ ወደ ስልክ ይተላለፋል።

እንግዲህ አንድ ምሽት ቴሌቪዥኑን አጥፉና አንዱን ክፍል ከልጆቻችሁ ጋር አድምጡ። ያልገባቸውን ቃል አያት ያስረዱ። ሲያልቅ መጽሐፉን አውጡና ቀጣዩን ገጽ ራሳችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡላቸው። እንደ ወጋየሁ ባይሆንላችሁም ግድ የለም፤ ልጆቻችሁ ኋላ የሚያስታውሱት የእናንተን ድምፅ ነው።