ቀበሌን የማውቀው በማህደሩ ነው

ቀበሌ ሲነሳ ሰው የሚያማው ሰልፉንና «ነገ ተመለስ»ን ነው። እኔ ግን ማህደሩን እወደዋለሁ። ቀበሌ የ1967ቱ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት አዋጅ ልጅ መሆኑን ሁሉም ያውቃል። ገርጂ አንዲት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ አቧራውን አራግፋ የእናቴን ማህደር ስትከፍትልኝ፣ የቤት ቁጥሩ፣ የቤተሰቡ ስም ዝርዝር፣ የትውልድ ቦታውና ብሔሩ በሰማያዊ እስክሪብቶ ሰፍረው አየሁ። ለመታወቂያውም ለ«ያላገባ» ማስረጃውም መነሻው ይኸው ወረቀት ነው።

ይህ ዓይነቱ ወረቀት ግን ሌላ ፊትም አለው። ብዙዎች በጦርነት ጊዜ ሰውን ከቤቱ የሚያስወጣው ጠመንጃ ይመስላቸዋል። የሚቀድመው ግን ወረቀት ነው። በ1990 ከኤርትራ ጋር ጦርነት ሲነሳ፣ ከዚያው ዓመት ሰኔ ጀምሮ የኤርትራ ተወላጆች ከኢትዮጵያ መባረር ጀመሩ። ሂዩማን ራይትስ ዎች የተባረሩትን 75 ሺህ ገደማ ያደርሳቸዋል። በ1985ቱ የኤርትራ ነፃነት ሕዝበ ውሳኔ ኢትዮጵያ ሆነው ድምፅ የሰጡት ከ57 ሺህ በላይ ነበሩ፤ ያኔ የተመዘገቡበት ወረቀት ኋላ «የውጭ ዜጋ ነህ» ማስባያ ሆነ። በ1991 ክረምት ደግሞ የቀሩት እንደ ውጭ ዜጋ እንዲመዘገቡ ታዘዙ።

እስቲ የማባረሩን ሥራ በየጠረጴዛው እንየው። አንዱ ስም ይለያል፣ ሌላው ቤቱን ያመለክታል፣ ሌላው የንብረት ውክልና ያስሞላል፣ ሌላው ፓስፖርት ላይ ማኅተም ይመታል። አውቶቡሱ ወደ ሁመራ ወይም ወደ ቡሬ ሲነሳ አባረርኩ የሚል አንድም ሰው አይገኝም፤ ሁሉም «መመሪያ ነው» ብሎ ፈርሟል። ኤርትራም ኢትዮጵያውያንን አባርራለች፤ የሁለቱ አገሮች የካሣ ኮሚሽን በ1997 ሁለቱንም ጥፋተኛ አድርጓቸዋል።

ይህ የእኛ ብቻ አይደለም። በፓሪስ፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ሐምሌ 1942፣ ከ12 ሺህ በላይ አይሁዶችን ከየቤታቸው የለቀሙት የፈረንሳይ ፖሊሶች ናቸው፤ አብዛኞቹ ከሌላ አገር ተሰደው የመጡ ነበሩ። አድራሻቸው የተገኘው አንድሬ ቱላር የተባለ የፖሊስ ሹም ካደራጀው የካርድ መዝገብ ነው።

እና እናንተ፣ የዕድር ይሁን የትምህርት ቤት ፎርም «ብሔር» ብሎ ሲጠይቅ ለምን ሳትሉ የምትሞሉ፣ እባካችሁ አንድ ጊዜ ጠይቁ! የሰበሰበው ሰው ደግ ሊሆን ይችላል፤ መዝገቡን ነገ የሚወርሰውን ግን አታውቁትም። ስለ ፋይዳ መታወቂያ የሚወራው የጣት አሻራው ነው። ብሔርና ሃይማኖት አለመመዝገቡ ግን ከአሻራው በላይ ሊወራለት ይገባ ነበር።