ሲመረመር የማይገኘው ህመም

«ኢንዶሜትሪዮሲስ» የሚለው ስም አሁን አሁን በየቦታው ይሰማል። የማህፀንን ውስጠኛ ግድግዳ የሚመስል ሕብረ ህዋስ ከማህፀን ውጭ፣ እንቁላል ማምረቻው ወይም አንጀት ላይ ሲበቅል የሚመጣ በሽታ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው በመውለድ ዕድሜ ላይ ካሉ ሴቶች 10 በመቶ ያህሉን ይይዛል፤ ታውቆ እስኪነገራቸው ግን ከ4 እስከ 12 ዓመት ይፈጃል።

ለምን? ሁሌ የሚሰጠው መልስ የመሣሪያና የስፔሻሊስት እጥረት ነው። አይካድም። ግን መሣሪያው በሞላባት እንግሊዝም ሴቶች ዓመታት ይጠብቃሉ። እኔ ይበልጥ የምጠረጥረው ህመሙ ቀጠሮ የማያከብር መሆኑን ነው። ሌሊቱን የአንዲትን ሴት ወገብና ሆድ አጣብቆ ያደረ ህመም ጠዋት ካርድ እስክታወጣ ይተዋታል። ሽንት ትሰጣለች፣ አልትራሳውንድ ትነሳለች፤ «ንጹህ ነው» ትባላለች። አልትራሳውንድ እንቁላል ማምረቻ ላይ ያለውን ቋጠሮ ያሳይ እንደሆነ እንጂ የሆድ ዕቃ ሽፋን ላይ የተበተነውን ጥቃቅን ሕብረ ህዋስ አብዛኛውን ጊዜ አያሳይም። ባዶ እጇን እንዳትመለስ ይመስለኛል፣ «ኢንፌክሽን ሳይሆን አይቀርም» ተብሎ ዶክሲሳይክሊንና ሜትሮኒዳዞል ይታዘዝላታል። ህመሙ በራሱ ጊዜ ሲተዋት መድኃኒቱ ሠራ ይባላል። ሲመለስ ሌላ ክሊኒክ፣ ሌላ ካርድ፣ እንደገና ኢንፌክሽን። ካርዶቹ ጎን ለጎን ቢነበቡ ነገሩ በግልጽ ይታይ ነበር፤ ግን አንድ ላይ የሚያያቸው ሰው የለም። ህመሙ የመጣበትን ቀንና የወር አበባዋን ስልኳ ላይ እየመዘገበች የምትሄድ ሴት ከአንድ ቀን አልትራሳውንድ የሚሻል ማስረጃ ይዛለች።

ቤት ውስጥ ደግሞ «ስትወልጂ ይተውሻል» አለ። እርግዝና ለአንዳንዶች ያስታግሳል፤ አያድንም። እርግዝናን ራሱን ሊያስቸግር ለሚችል በሽታ ልጅን መድኃኒት አድርጎ ማዘዝ ምን የሚሉት ምክር ነው?

ጣጣው የሚብሰው ሥራ ላይ ነው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 እስከ 6 ወር የሕመም ፈቃድ ይሰጣል፤ የመጀመሪያው ወር በሙሉ ደመወዝ ነው፤ የሐኪም ማስረጃ ግን ይጠይቃል። ሳምንታት አልጋ ለሚይዝ ሕመምተኛ ይመቻል። የትኛው ቀን እንደሆነ ሳታውቅ በወር አንድ ሁለት ቀን የምትወድቅ ገንዘብ ተቀባይ ግን ወረቀቱን ለማግኘት መሰለፍ አለባት፤ ተሰልፋ ከደረሰች ሐኪሙ ፊት የምትቀርበው ደህና መስላ ነው። ስለዚህ ከዓመት ፈቃዷ ታስቆርጣለች። እሱ ሲያልቅ ዲክሎፌናክ ተወግታ ትገባለች።