ሁለት አንባቢ ያለው ፖስታ
የሰርግ መጥሪያ አድራሻን በቤት ፕሪንተር ስለማተም

አዲስ አበባ ውስጥ በሰርግ መጥሪያ ፖስታ ላይ ስም እንጂ አድራሻ አይጻፍም። «ለአቶ እገሌ ከነባለቤትዎ» ተብሎ ይጻፍና ካርዱ በወንድም፣ በሚዜ ወይም በጎረቤት እጅ ይደርሳል። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ወይም አሌክሳንድሪያ ተቀምጦ የሚደግስ ቤተሰብ ግን ዘመዱ ከሲያትል እስከ ቦስተን ተበትኖበታል። ካርዱን የሚያደርስለት የአሜሪካ ፖስታ ቤት ስለሆነ የቤት ቁጥር፣ የመንገድ ስም፣ ከተማና ዚፕ ኮድ ግድ ይላል። ይህን ሁሉ ለመቶና ለሁለት መቶ ፖስታ በእጅ መገልበጥ የታከተው ሰው ዓይኑ ቤቱ ውስጥ ባለው ፕሪንተር ላይ ያርፋል።

ፕሪንተሩ ሥራውን ይችላል። ብዙዎች የሚሳሳቱት ፖስታው ሁለት አንባቢ እንዳለው ሲዘነጉ ነው። አንደኛው ተጋባዡ ነው፤ ጠሪ አክባሪ ነውና ስሙን ከነማዕረጉ ሊያይ ይሻል። ሁለተኛው በሰዓት ከ30,000 በላይ ደብዳቤ የሚለይ ማሽን ሲሆን ዋናው ጉዳዩ ከታችኞቹ መስመሮች ጋር ነው። ለመጀመሪያው የሚያምረው ሁሉ ለሁለተኛው አይነበብም።

ሥራው የሚጀምረው ከፕሪንተሩ ሳይሆን ከስም ዝርዝሩ ነው። ዝርዝሩ ኤክሴል ላይ ይሞላል፤ ከዚያ ዎርድ «ሜይል መርጅ» በሚባለው መንገድ እያንዳንዱን ረድፍ ወደ አንድ ፖስታ ይለውጠዋል። እዚህ ላይ ሁለት ወጥመድ አለ። አንደኛው ዜሮ ነው። የማሳቹሴትስና የኒው ጀርሲ ዚፕ ኮዶች በዜሮ ይጀምራሉ፤ ኤክሴል ደግሞ እንደ ተራ ቁጥር ቆጥሮ ዜሮዋን ይጥላታል። በካምብሪጅ ያለው 02139 ሳይታወቅ 2139 ሆኖ ይታተማል። መፍትሔው ቁጥሩ ከመግባቱ በፊት ዓምዱን «ቴክስት» ብሎ መወሰን ነው። ሁለተኛው ወጥመድ የእኛ ስም ነው። የፕሮግራሙ ቅጽ ባልና ሚስት በአንድ የቤተሰብ ስም እንደሚጠሩ አስቦ የተሠራ ስለሆነ፣ በእኛ ቤት ሚስት በአባቷ ስም መጠራቷን አያውቅም። ስለዚህ ቅጹን ትቶ «በፖስታው ላይ የሚጻፍ ስም» የሚል አንድ ዓምድ መክፈትና አቶውን፣ ወይዘሮዋን፣ ዶክተሩን፣ ቀሲሱን እንደሚጠሩበት አሟልቶ መሙላት ይሻላል።

ስሙን በአማርኛ ማተም ይቻላል፤ ዊንዶውስ ላይ ኒያላ ወይም ኢብሪማ፣ ከዚያ ውጪ ደግሞ በነፃ የሚገኘው አቢሲኒካ ይበቃል። ፋይሉ ወደ ሌላ ኮምፒውተር የሚሄድ ከሆነ ፎንቱን እንደያዘ በፒዲኤፍ ይቀመጥ፤ አለዚያ በፊደሉ ፋንታ ባዶ ሣጥን ተደርድሮ ሊወጣ ይችላል። መንገዱ፣ ከተማውና ዚፕ ኮዱ ግን ለማሽኑ ስለሆኑ በላቲን ፊደል፣ ያለ ጌጥ፣ ከ10 ነጥብ ባላነሰ መጠን፣ ከግራ ተሰልፈው ይጻፉ።

ቀጥሎ የወረቀቱ ልክ ይመጣል። አሜሪካ ውስጥ ለሰርግ ካርድ የተለመደው ፖስታ «ኤ7» ይባላል፤ ቁመቱ 5¼፣ ርዝመቱ 7¼ ኢንች ነው። በዓለም አቀፉ መለኪያ ኤ7 የሚባለው ወረቀት ግን 74 በ105 ሚሊሜትር ብቻ ነው፤ የፖስታውን ግማሽ እንኳ አይሞላም። ከፕሪንተሩ ዝርዝር «ኤ7» የሚለውን አይቶ የመረጠ ሰው አድራሻውን ጥግ ላይ ተቆርጦ ያገኘዋል። ልኩን በራስ እጅ አስገብቶ መወሰን ይሻላል።

ቀለሙም እንደ ፕሪንተሩ ይለያያል። ኢንክጄት ጥቃቅን ጠብታ ይተፋል። እ.ኤ.አ. በ1977 የካኖን ተመራማሪ ኢቺሮ ኤንዶ ትኩስ መበየጃ ቀለም የያዘ መርፌ ሲነካና ቀለሙ ሲፈናጠር ማየቱ ለአንዱ ዓይነት መነሻ ሆኗል። ጠብታው እርጥብ ስለሆነ የሚያብረቀርቅ ፖስታ አይመጠውም፤ በጣት ሲነካ ይዝረከረካል። ፒግመንት የሚባለው ቀለም ዳይ ከሚባለው ይልቅ ዝናብን ይቋቋማል። ሌዘር ፕሪንተር ደግሞ የቀለም ዱቄቱን 200 ዲግሪ ሴልሺየስ በሚጠጋ ሙቀት አቅልጦ ያጣብቃል። ጽሑፉ አይፈስም፤ ነገር ግን ሙቀቱ የክዳኑን ሙጫ አቅልጦ ፖስታውን ባዶውን ሊያሽገው ይችላል። ጥቁር ወይም ወይንጠጅ ፖስታ ለሁለቱም አይሆንም፤ የቤት ፕሪንተር ነጭ ቀለም የለውም። ለእሱ ስቲከር መለጠፍ ወይም ነጭ ብዕር ማንሳት ግድ ነው።

ፖስታ ከወረቀት የሚለየው ውፍረቱ አንድ ወጥ ባለመሆኑ ነው፤ ስፌቱ ጋ ሦስት አራት ንብርብር ይሆናል፤ በመካከሉም አየር አለ። ስለዚህ ጠርዙ በጥፍር ተደምጥጦ፣ ጥቂት ጥቂት እየተባለ ይግባ። ከኋላ የሚቀበል ፕሪንተር ቀጥ ባለ መንገድ ስለሚያሳልፈው ብዙ አይጨማደድም፤ ከታች ያለው መሳቢያ ግን ይጠመዝዘዋል። የትኛው ወገን እንደሚታተም ለማወቅ ተራ ወረቀት በፖስታው ልክ ቆርጦ፣ ጥጉ ላይ በእርሳስ ቀስት ስሎ ማሳለፍ ነው። ከዚያ ወረቀቱን ከፖስታው ጋር ደርቦ በመስኮት ብርሃን ሲያዩት አድራሻው የት እንደሚወድቅ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

የሁለተኛው አንባቢ፣ የደብዳቤ መለያው ማሽን ደንብ ደግሞ አጭር ነው። በፖስታው ቀኝ ታች 4¾ ኢንች ርዝመትና ⅝ ኢንች ቁመት ያለው ቦታ ባዶ ይተው፤ ማሽኑ ባርኮዱን የሚያትመው እዚያ ነው። የፖስታው ርዝመት ለቁመቱ ሲካፈል ከ1.3 እስከ 2.5 መሆን አለበት። ኤ7 1.38 ስለሚደርስ ያልፋል፤ አራቱም ጎኑ እኩል የሆነ ፖስታ ግን ተጨማሪ ክፍያ ይጠየቅበታል። በሰም ማኅተም ወይም በሪባን ያበጠውም እንዲሁ።

መልስ መስጫ ካርድ ካለ መጀመር ያለበት ከእሱ ፖስታ ነው፤ አድራሻው ለሁሉም አንድ ስለሆነ እጅ ይፍታታበታል። ዋናው ፖስታ ሲገዛ ደግሞ ለብልሽት መጠባበቂያ ይታሰብ። አንዱ ታትሞ ቴምብር ተለጥፎበት ወደ ደጋሹ ቤት ይላክ። ባርኮዱ በቦታው አርፎ፣ ቀለሙ ሳይዝረከረክ ከመጣ የቀረው ይታተማል፤ ካልመጣ ፎንቱን ወይም ቀለሙን ለመቀየር ጊዜ አለ። በዚያው ከተማ ላሉ ሽማግሌዎች ግን ፕሪንተሩ ስማቸውን ብቻ ያትም፤ የእነሱን ካርድ ቤታቸው ሄዶ መስጠት ነው።